ሎሚውን ማን ገዛው?

የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

ጥያቄ፦ ሰላም ለእርስዎ ይሁን። የምጽፍልዎ ከድሬዳዋ፣ ሳቢያን ነው። የሁለት ልጆች እናት ነኝ። ወንዱ 11፣ ሴቷ 8 ዓመቷ ነው። ትምህርት ቤት ከተዘጋ ወዲህ የሰፈራችን ልጆች ለሁለት ተከፍለዋል።

አንደኞቹ ራሳቸውን «ነጋዴዎቹ» ይላሉ። አለቃቸው የኔው ልጅ ነው። ጠዋት ጠዋት ከገጠር ከሚመጡ ሴቶች ቲኒ (በለስ) በብዛት ይገዛል። ከዚያ ኒም ዛፉ ጥላ ሥር ላስቲክ ያነጥፍና እየላጠ ይሸጣል። ሌሎቹ ማስቲካ፣ በላስቲክ የታሰረ በረዶና ብይ ይሸጣሉ። ሁለተኞቹ «የጋራዎች ነን» ይላሉ። መሪያቸው የጎረቤቴ ልጅ ናት፤ 12 ዓመቷ ነው፣ ምላሷ ስለት ነው። ሰፈሩ ውስጥ ሳይክል ያላት እሷ ብቻ ናት። ሰፈር የገባ ነገር ሁሉ ለሁሉም እኩል ይከፈል ባዮች ናቸው።

መጀመሪያ እስቅ ነበር። ኋላ ከረረ። ነጋዴዎቹ 20፣ 20 ብር አዋጥተው ኳስ ገዙ። ያላዋጣ መጫወት ከፈለገ በጨዋታ 2 ብር ይክፈል አሉ። በሦስተኛው ቀን ኳሷ በምስማር ተወግታ ተገኘች። ማን እንደወጋት እስከ ዛሬ አልታወቀም። በዚያው ሰሞን፣ ቲኒውን የምታጥብለትና እሾሁን በመጥረጊያ የምታራግፍለት ትንሿ እህቱ ወደ የጋራዎቹ ከዳች። ባዶ እጇንም አልሄደችም። የወንድሟን የብይ ጣሳ ይዛ ሄዳ ለሁሉም አከፋፈለችው። አሁን እቤቴ ውስጥ ሁለት መንግሥት ነው ያለው።

ባለቤቴ እዚሁ ድሬ፣ ታይዋን ገበያ ሱቅ አለው፤ ልጁን «ጎበዝ! ይሄ ነው የኔ ልጅ» ይለዋል። እናቴ ደግሞ ትቆጣለች። ባለፈው «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» ብትለው፣ «ሎሚውን ማን ገዛው?» አላት። አያቱን! ልጄ ስስታም እየሆነብኝ ነው? ወይስ እነዚያ ናቸው በሰው ላብ የሚኖሩት? ንግዱን ልከልክለው?

ሁለት መንግሥት የምታስተዳድር እናት

መልስ፦ እህቴ፣ መጀመሪያ «እርስዎ»ን እናንሳው። እኔም ለገሃሬ ነው ያደግኩት። እኛ ሰፈር አንቱ የሚባለው የጉምሩክ ሰው ብቻ ነበር።

ደብዳቤሽን ሦስት ጊዜ አነበብኩት። «ሎሚውን ማን ገዛው?» ላይ ስደርስ ብቻዬን ሳቅኩ። ለአያት እንዲህ አይመለስም፤ እሱን ቁጪው። ግን እውነቱን እንነጋገር፤ ያንን ተረት ስንት ዘመን ስንተርት ኖረን የሎሚውን ዋጋ የጠየቀ ሰው የለም።

እኔን ይበልጥ ያስቆመችኝ ግን ሌላ መስመር ናት። አንቺ እንደ ዘበት ጣል አድርገሻት ያለፍሻት። «ቲኒውን የምታጥብለትና እሾሁን የምታራግፍለት ትንሿ እህቱ።» ስንት ይከፍላታል? አልጻፍሽም። እኔ ግን እገምታለሁ፤ ምንም።

ቲኒ አጥበሽ ታውቂያለሽ መቼስ። እሾሁ እንደ ፀጉር የቀጠነ ነው፣ አይታይም። ጣት ውስጥ ከገባ ሁለት ቀን እንጀራ መቁረስ ያስቸግራል። መላጡ ግን ጌጥ ነው። ጫፍና ጫፉን ቆረጥ፣ መሀሉን አንዴ ሰንጠቅ፣ ከዚያ ልጣጩን እንደ ካፖርት ማውለቅ። ሰው ቆሞ ያያል፣ «አቦ፣ እጁ!» ይላል። ማጠቡን ማንም አያይም። ልጅሽ አደባባይ ላይ ካፖርት ሲያወልቅ እህቱ ጓሮ ቁጭ ብላ እሾህ ከጣቷ ትለቅማለች። ብሩ ደግሞ የሚገባው ካፖርት አውላቂው ኪስ ነው። እኔም ብሆን እከዳ ነበር።

እስቲ ዛሬ ማታ ጠይቂው። «እህትህ ስንት ታገኛለች?» በይው። ምን እንደሚልሽ ልንገርሽ። «እህቴ አይደለች እንዴ? ለእህት ይከፈላል?» ነው የሚልሽ። አየሽ ነገሩን? ሲሸጥ ነጋዴ፣ ሲያሠራ የጋራ።

ስለዚህ ከኳሱም ከአያትየዋም በፊት ይሄን ጨርሺ። ደብተር ይዘሽ ሁለቱን አስቀምጪ። እንበል 100 ቲኒ በ2፣ 2 ብር ገዛ፤ 200 ብር ወጣው። በ4፣ 4 ብር ከሸጠ 400 ያገኛል። የበሰበሰውንና አባቱ በነፃ የበላውን ቀንሱ (አባቱ እንደሚበላ አልጠራጠርም)። ከቀረው ላይ የአጣቢዋ ድርሻ ስንት ነው? አንቺ አትወስኚ። እነሱ ይከራከሩ። እሷ ብዙ ትጠይቃለች፣ እሱ ትንሽ ይላል፣ መሀል ላይ ይገናኛሉ። እንቢ ካለ አንድ ቀን ቲኒውን ራሱ ይጠበው።

ሴቷም ሂሳብ አለባት። ብዩ የሷ አልነበረም። የሰው ጣሳ ገልብጦ ማከፋፈል ልግስና አይባልም፤ የጋራዎቹ ምንም ቢያጨበጭቡላት። ግን ከየልጁ ኪስ ልቀሚ ብለሽ አትላኪያት፤ ያዋርዳታል። የብዩ ዋጋ ከደሞዟ ላይ ይታሰብ። ደሞዝ የሚታሰበው ደሞዝ ካለ ነው፤ እዚህ ላይ ወንድምየው መክፈል የፈለገበት ምክንያት ያገኛል።

የጋራዎቹን መሪ በተመለከተ አንድ ጥያቄ ብቻ አለኝ። ሳይክሏን ስንት ልጅ ነድቷታል? ሳትቆጪ፣ እየሳቅሽ ጠይቂያት። ምላሷ ስለት ከሆነ መልስ አታጣም።

ንግዱን ግን አትከልክይው። ድሬ ተቀምጠሽ ልጅ አትነግድ ማለት ምን ማለት ነው? ከተማችን ራሷ የንግድ ልጅ ናት። ባቡሩ የሐረርን ተራራ መውጣት ከብዶት በ1895 ዓ.ም እዚህ ሜዳ ላይ ባይቆም ኖሮ ከዚራም አይኖርም፣ ለገሃሬም አይኖርም። መጀመሪያ ስሟን እንኳን «አዲስ ሐረር» ብለዋት ነበር።

እኛም ልጆች ሆነን ነግደናል። ገንዘባችን ቆርኪ ነበር። አምስት ቆርኪ አንድ ብይ ይገዛል። ኑሯችን ደህና ነበር፤ አንድ ቀን ከኛ ሦስተኛ ቤት ሰርግ ሆነ። በማግስቱ ድንኳኑ ሥር ያለው ቆርኪ በአካፋ የሚዛቅ ነበር። የዚያ ግቢ ልጆች በአንድ ሌሊት ሀብታም ሆኑ። ከሰዓት ላይ 15 ቆርኪ ይዘሽ አንድ ብይ የሚሸጥልሽ ጠፋ። ትልልቆቹ ይሄን የዋጋ ንረት ይሉታል፤ እኛ «ሰርገኞቹ ከተማውን አጠፉት» ነበር ያልነው። ሰፈሩ ተከፈለ። የሰርጉ ግቢ ልጆች «ቆርኪ ቆርኪ ነው» አሉ። እኛ «የሰርግ ቆርኪ አይቆጠርም፣ ለሁሉም እኩል ይከፈል» አልን። ልብ በይ፤ የጋራ የሆንነው ስለከሰርን ነው። ሰርጉ እኛ ግቢ ቢሆን ኖሮ ምን እንል እንደነበር አውቃለሁ።

ድንጋይ መወራወር ደረሰ። የፈታው አንድ የሰባተኛ ክፍል ልጅ ነው። «ከዛሬ ጀምሮ ገንዘብ የሚባለው ባቡር የዳጠው ቆርኪ ብቻ ነው» አለ። ሐዲዱ ላይ ትደረድሪያለሽ፣ ባቡር ያልፍበታል፣ እንደ ስሙኒ ጠፍጥፎ ይመልስልሻል። ባቡር ደግሞ በፈለግሽ ሰዓት አይመጣም። ቢመጣም ከንዝረቱ ግማሹ ቆርኪ ተፈናጥሮ ይጠፋል። በሳምንት ውስጥ ዋጋው ተረጋጋ። ሐረር በአሚሮቿ ዘመን የራሷን ሳንቲም ታትም ነበር፤ እኛ ደግሞ ለገሃሬ ላይ በፈረንሳይ ባቡር አተምን። (የሐዲዱ ነገር አሁን ሳስበው ሰውነቴን ይወረኛል። ይሄን አንቀጽ ለልጆችሽ አታንብቢላቸው።)

ያን ጊዜ አንድም ትልቅ ሰው መሀላችን አልገባም። አባቴ ሰምቶ ቢሆን ሁላችንንም ገርፎ፣ ቆርኪውን ሰብስቦ ይጥለው ነበር። ሕጉን ያወጣው ከኛው አንዱ ስለሆነ ነው የያዝነው።

ወደ ኳሷ ልምጣ። የተበሳጨሽው በዚህ ነው መሰለኝ።

ምስማር የያዘው ልጅ ማን እንደሆነ አትመርምሪ። ምን አስቦ እንደወጋት ግን ይገባኛል። እ.ኤ.አ. በ2015 የወጣ አንድ ጥናት አለ። በሰባት አገሮች ነው የተሠራው፤ ካናዳ፣ አሜሪካ፣ ሜክሲኮ፣ ፔሩ፣ ህንድ፣ ሴኔጋልና ኡጋንዳ። ሁለት ልጆች ፊት ለፊት ይቀመጣሉ። ለአንዱ ጥቂት፣ ለሌላው ብዙ የሚበላ ነገር ይቀርባል። ወሳኙ አንደኛው ልጅ ነው። ከተቀበለ ሁለቱም የቀረበላቸውን ያገኛሉ። እንቢ ካለ ሁሉም ይደፋል፣ ሁለቱም ባዶ እጃቸውን ይነሳሉ። በሰባቱም አገር ልጆቹ ለራሳቸው ያነሰ ሲቀርብ «ይደፋ!» ይሉ ነበር። የራሳቸውን ጥቂት እያጡ ማለት ነው። ለራሳቸው ሲበዛስ? ያኔ እንቢ ማለት የታየው በሦስቱ አገሮች፣ በካናዳ፣ በአሜሪካና በኡጋንዳ ብቻ ነው፤ እሱም ከፍ ከፍ ያሉት ልጆች ዘንድ።

ያ ምስማር «ይደፋ» ነው። 20 ብር ያልነበረው ልጅ ኳሷን ከዳር ቆሞ ሦስት ቀን አያት። ልጅሽ ደግሞ የበዛለት ወገን ስለሆነ አልታየውም። ክፋት የለበትም። ሲበዛ አይታይም።

አሁን አዲስ ኳስ ልትገዢላቸው ፈልገሻል፣ አይደል? ተይ። ባልሽም እንዳይገዛ።

አንድ ታሪክ ልጨምርልሽ። እ.ኤ.አ. በ1954 ክረምት ላይ ሙዛፈር ሸሪፍ የሚባል ቱርክ አገር የተወለደ የሥነ ልቦና ሰው አሜሪካ፣ ኦክላሆማ ውስጥ 22 ወንዶች ልጆች ጫካ ወስዶ አሰፈረ። ዕድሜያቸው እንደ ልጅሽ 11 ዓመት ገደማ ነው። ለሁለት ከፈላቸው፤ በየቡድኑ ስም አወጡ፣ ባንዲራ ሠሩ። ከዚያ ለሽልማት አወዳደራቸው። በቃ፣ ባንዲራ መቃጠል፣ ማደሪያ መውረር፣ ስድብ። ልጆቹን ሆን ብሎ ማጣላቱ ተገቢ አልነበረም ብለው ኋላ የተቹት ብዙ ናቸው፤ እኔም አላጨበጭብለትም። ቀጥሎ ያደረገውን ግን ልብ በይ። ላስታርቃቸው ብሎ አንድ ላይ ምሳ አበላቸው፤ በምግቡ ተወራወሩ። አንድ ላይ ማዝናናትም አልሠራም። የሠራው ችግር ነው። የሰፈሩ ውኃ ተቋረጠ፤ ሁለቱም ወገን ተጠምተው አብረው መስመሩን ፈተሹ። ምግብ የሚያመጣው መኪና አልነሳ አለ፤ ለሽልማት ሲጓተቱበት በነበረው ገመድ አብረው ጎተቱት። ፊልም ለማየት ብር አነሰ፤ ሁለቱም አዋጡ።

የምወደው መጨረሻውን ነው። ወደ ቤት ሲመለሱ አውቶቡሱ መንገድ ላይ ለመጠጥ ቆመ። አንደኛው ቡድን በውድድር ያገኘው 5 ዶላር ነበረው። አውጥቶ ለሁሉም ጠጪ፣ ለነዚያ ባንዲራ አቃጣዮች ጭምር፣ የወተት መጠጥ ገዛ። ብሩ የራሳቸው ነበር። ማንም ክፈሉ አላላቸውም።

እና ኳሷ ተበስታ ትቆይ። አንድ ሳምንት በጨርቅ ኳስ ይጫወቱ፤ ካልሲ ከባልሽ አይጠፋም። የጨርቅ ኳስ ማንም አከራይቶ አያውቅም። ከዚያ ራሳቸው ይመጣሉ። ሲመጡ ስለ መዋጮው አንድ ነገር ብቻ ጣል አድርጊ፤ መዋጮ በብር ብቻ ነው ያለው ማነው? የሳቢያንን መንገድ የሞላውን የውኃ ፕላስቲክ ቆራሌው በኪሎ ይገዛል። 20 ብር የሌለው ልጅ ጠዋቱን ሙሉ ፕላስቲክ ከለቀመ 20 ብሩን ከፈለ። ኳሷ ላይ እኩል አፍ ይኖረዋል። ኪራይ ይኑር አይኑር፣ ማን ቤት ትደር፣ እሱንም ጨምረው ይወስኑ።

ስለ ባልሽና ስለ እናትሽ። ሁለቱ በልጁ እየተነጋገሩ ነው። ባልሽ ለአማቱ መልስ የሚሰጠው «ጎበዝ የኔ ልጅ» እያለ ነው፤ እናትሽም ለባልሽ ያላትን የምትናገረው በሎሚ ነው። አንቺም ታውቂዋለሽ። ልጁን ከመሀላቸው አውጪው።

ለእናትሽ ግን የአያቴን ነገር ንገሪያት። አያቴ ቀፊራ የባቢሌ ለውዝ ትሸጥ ነበር፣ በብርጭቆ። ስትሰፍር አውራ ጣቷን ብርጭቆው ውስጥ ትከታለች። ጣቷ ወፍራም ነበር፤ የብርጭቆውን ሩብ ይይዛል። ሰፍራ ስትጨርስ ገዢዋ «መርቂልኝ እንጂ» ትላለች። ያኔ አያቴ ዘገን አድርጋ ትጨምርላትና «ይሄ የልጅሽ ነው» ትላለች። እኔ አጠገቧ ተቀምጬ፣ ጣቷ የወሰደውን ምራቂው ሲመልስ እቆጥር ነበር። አንዳንዴ ይተካከላል። ልጅ የያዘች፣ ፊቷ የገረጣ ሴት ከመጣች ግን ጣቷ ብርጭቆው ውስጥ አይገባም፣ ምራቂውም ሁለት ጊዜ ነው። ስለዚህ አንድም ቀን አውርታ አታውቅም። ብጠይቃት «የምን ጣት?» ነበር የምትለኝ።

ሌላም ሰው ትዝ አለኝ። ሰፈራችን ዱቤ የማይሰጥ ባለሱቅ ነበር። አምስት ሳንቲም ቢጎድልሽ ሳሙናውን ከእጅሽ ይቀበልሻል። በ1998 ዓ.ም ክረምት ደቻቱ ወንዝ በሌሊት ሞልቶ ከ200 በላይ ሰው የወሰደ ጊዜ፣ በማግስቱ ሱቁን ከፍቶ አቡጀዲውን በጣቃ በጣቃ አወጣ። ለመገነዣ። ማን ወሰደ፣ ስንት ክንድ ወሰደ፣ አልጻፈም። ወር ሳይሞላ ተመልሶ ዱቤ ከለከለን።

ልጅሽን ምራቂ አስተምሪው። አምስት ለገዛው አንድ ይጨምር። ደንበኛ ያበዛለታል፤ አባትየውም በዚህ አይከፋም። ደግሞ ኒም ዛፉን እሱ አልተከለውም፤ የሚሸጠው በጥላው ነው። ማታ ልጣጩን ጠርጎ ይሂድ።

ጥያቄ፦ ዕድሜዬ 10 ነው። የምጽፈው ከሐረር ነው። ለጓደኛዬ 30 ብይ አበደርኩት። በኔ ብይ ተጫውቶ 70 ብይ በላ። 30ውን መለሰልኝ። ትርፉን እንካፈል ስለው እንቢ አለኝ፤ እጁ የሱ ነው፣ ብዩ የኔ ነው። ማን ነው ልክ?

ብዩ የሱ የሆነው

መልስ፦ የኔ ጌታ፣ አንድ ነገር ልጠይቅህና በልብህ መልስ። ጓደኛህ 30ውንም ተበልቶ ባዶ ኪሱን ቢመጣ ምን ትለው ነበር? «አቦ ተወው፣ አብረን ከሰርን» ትለው ነበር? ወይስ «ብዬን አምጣ»?

«አብረን ከሰርን» የምትል ከሆነ ሽርክና ነበር፣ ግማሹ ይገባሃል። ግን ከመጫወቱ በፊት መነጋገር ነበረባችሁ። «ብዬን አምጣ» የምትል ከሆነ ብድር ነው። ተመልሶልሃል፤ ቁጠርና ኪስህ ክተት።

ለጓደኛህ ግን ይሄን አሳየው። ከ70 ላይ ሁለት ሦስት እንኳን አልመረቀልህም። አያቴ ብትሰማ ጣቷን ታነሳበት ነበር።